የጋሽ እንግዳ የብርቱካን ግቢ

ከሱቄ ጎን ያለው መድኃኒት ቤት ባለፈው ሰሞን ታፔላውን አሳደሰ። ጽሑፉን የሚጽፈው ሰው መሰላል ላይ ሲሠራ ዋለና፣ ወደ ማምሻው ብሩሾቹን ሊያጥብ በቆርቆሮ ጣሳ የቀለም ማቅጠኛውን አኳራጅ ሲቀዳ፣ ሽታው የባጃጁን ጭስና የአስፋልቱን ሙቀት አልፎ እኔ ጨርቅ እየለካሁ ከቆምኩበት ድረስ ገባ። ሜትሩ እጄ ላይ ቀረ። ደንበኛዬ «እትዬ ከድጃ፣ ምነው?» እስክትለኝ ድረስ ወልድያ መሆኔንም ረስቼ፣ የስምንት ዓመት ልጅ ሆኜ፣ መርሳ ከጋሽ እንግዳ ቤት ደጃፍ ቆሜ ነበር።

ምን እንደነካኝ ብነግራት ደንበኛዬ ሳቀች። «ታዲያ ሄደው አያዩትም? ቤቱ እኮ ለጎብኚ ተከፍቷል» አለችኝ። የሰዓሊው የጋሽ እንግዳ ልጆች ቤቱንና ግቢውን አሳድሰው፣ አዲስ አበባ ከነበሩት ሥዕሎች ከፊሉን መልሰው ሰቅለው፣ ጠዋት ከወልድያ በሚኒባስ ወስዶ ለምሳ የሚመልስ ጉብኝት አዘጋጅተዋል፤ አስጎብኚም አለው። እኔ በልጅነቴ በአጥሩ ቀዳዳ ስሾልክበት የነበረውን ግቢ ሰው ቲኬት ቆርጦ በበሩ ይገባበታል ማለት ነው።

ማታ ለአባቴ ነገርኳቸው። አባቴ ሁሴን እርሻቸውን ለታናሽ ወንድሜ ትተው ከመርሳ እኔ ጋ ከመጡ ቆይተዋል፤ ጉልበታቸው ደክሟል፣ ነገር ማብዛትም አይወዱም። እምቢ ይሉኛል ብዬ ነበር። መቁጠሪያቸውን ትንሽ ገፉና «ማንጎዎቹ አሉ?» አሉ።

«እንጃ፣ አባባ።»

«እንግዲያማ ሄደን እንያቸዋ።»

አስጎብኚያችን ሕይወት የምትባል፣ ድምፅዋ የጠራ፣ የተማረችውን ሁሉ በአንድ ጠዋት ልታካፍለን የጓጓች ወጣት ነበረች። ከእኛ ሌላ ሁለት ተማሪዎችና አንድ አዲስ የተጋቡ ባልና ሚስት ተሳፍረዋል። ሲሪንቃ ስንደርስ አባቴ በመስኮቱ የምርምር ጣቢያውን ማሽላ እያዩ «ይሄ አጭር ነው፤ አገዳው ለከብት ምን ይሆናል?» እያሉ ለራሳቸው ያወሩ ጀመር። ከዚያ መንገዱ ቁልቁል እየወረደ ሲሄድ የመርሳ ሙቀት በመስኮቱ ገብቶ ፊታችንን ዳበሰን፤ አባቴም ፎጣቸውን ከአንገታቸው ፈቱና ልክ ከረጅም ሥራ በኋላ ቤቱ እንደገባ ሰው ወንበራቸው ላይ ተመቻቹ።

ጋሽ እንግዳ ዛሬ ስማቸው በትልልቅ አዳራሽ የሚነሣ ሰዓሊ ናቸው። ለእኛ ግን የላይኛው ቤት ጎረቤት ነበሩ። አዲስ አበባን ትተው ከከተማው ወጣ ብሎ፣ ከወንዙ የተጠለፈው ቦይ በሚያልፍበት ዳገት ሥር የድንጋይ ቤት ሠሩ፤ ዙሪያውን ብርቱካን፣ ማንጎ፣ ዘይቱንና ፓፓያ ተከሉ፤ ግራና ቀኝ ጽጌረዳ ያለው ጠባብ መንገድ ከበሩ እስከ ቤቱ ዘረጉ። ብርቱካኑ ሲያብብ ሽታው ቦዩን ተከትሎ ወርዶ እኛ ቤት ይገባ ነበርና፣ ያን ሰሞን የማሽላ ቂጣ ስንበላ እንኳ አበባ አበባ ይለናል። ጋሽ እንግዳ ብርቱካናቸውን የሚቆነጥሩትን ወፎች በሰው ስም እየጠሩ ይሰድባሉ፤ ከሁሉ የሚብሰውን አንዱን ጥቁር ወፍ «ዳኛው» ይሉት ነበር። እሳቸው ራሳቸው ሁልጊዜ የሚሸቱት አኳራጅ ስለሆነ፣ የመንደሩ ልጆች ጋሽ እንግዳ በጠዋት አንድ አንድ ብርጭቆ የሚጠጡት መድኃኒት ነው ብለን አምነን፣ ስንት ዓመት እንደሚያኖር እንከራከር ነበር። ዝም ብሎ የሚቀመጥላቸው ልጅ ካገኙ ሥለው ብርቱካን ይሰጡታል፤ ግን ከመሃላችን ዝንብ አፍንጫው ላይ አርፋበት የቻለ ስላልነበረ፣ የመንደሩ ልጅ ሁሉ በጋሽ እንግዳ ወረቀት ላይ ግማሽ ፊት ብቻ ሆኖ ቀርቷል።

እናቴ ዘምዘም ከእሳቸው ብርቱካን እየተረከበች መርሳ ገበያ ትቸረችር ነበር። የገበያ ቀን ጤዛው ሳይረግፍ እንሄዳለን። ስትመርጥ ብርቱካኑን ወደ ጆሮዋ አስጠግታ በጣቷ መታ መታ ታደርገዋለች፤ ምን እንደምትሰማ ብጠይቃት «ውሃውን» ብላኛለች። አንድ ጠዋት ጋሽ እንግዳ በመስኮት ሆነው «ዘምዘም፣ እስቲ ትንሽ ቁሚልኝ» አሏት። ቀልድ መስሏት ቆመች። በሚቀጥለውም የገበያ ቀን፣ ከዚያም በሚቀጥለው ቆመች። ቢጫ ሻሿን ከወትሮው አስተካክላ ማሰር ጀመረች፤ ቤታችን መስታወት ስላልነበረ በባልዲ ውሃ ራሷን ስታይ አይቻታለሁ። ለአባቴ አልነገረችም። እኔንም አትናገሪ አላለችኝም፤ ግን ገብቶኝ ነበር።

ሸራው ላይ መጀመሪያ ሻሹ፣ ከዚያ ግንባሯ፣ ከዚያ ዓይኖቿ መጡ። ዓይኖቿ በመጡ ቀን እናቴ ዞራ መጥታ አየችውና እጇን አፏ ላይ ጫነች።

«እንዲህ ነኝ?» አለች።

«እንዲህ ነሽ» አሏት ጋሽ እንግዳ።

አባቴ ወሬውን የሰሙት ገበያ ላይ ከሰው አፍ ነው። ክፉ ሰው አልነበሩም። ከጋሽ እንግዳ ጋር በውሃ ተራ እንኳ ተጣልተው አያውቁም፤ በአረፋም በፋሲካም የሚጠያየቁ ጎረቤቶች ነበሩ። ግን የሰው መልክ መሣል እንደማይወደድ ከሼሆቹ ሲሰሙ ነው ያደጉት፤ የሚስታቸው ፊት ደግሞ በማያውቁት አገር፣ በማያውቁት ሰው ግድግዳ ላይ ተሰቅሎ ወጪ ወራጁ ሲያየው ሊታያቸው አልቻለም። በሚቀጥለው የገበያ ቀን እናቴ ቆማ ሳለ በበሩ ገቡ።

«ጋሼ፣ ጎረቤቴ ነዎት። እንዳንቀያየም ነው በእግሬ የመጣሁት።»

«ግባ ሁሴን፣ ተቀመጥ።»

«አልቀመጥም። ፊቷን ያጥፉልኝ።»

ጋሽ እንግዳ አባቴን ትተው እናቴን አዩ። «አንቺስ ዘምዘም፣ ምን ትያለሽ?»

እናቴ መሬት መሬቱን እያየች፣ «ባሌ ያለውን ያድርጉ» አለች፤ ድምፁ ግን የእሷ አልነበረም።

ጋሽ እንግዳ ጨርቅ አኳራጅ ውስጥ ነክረው ሸራውን ጠረጉት። አንዴ ሲያሹት ዓይኖቿ ወደ ታች ፈሰሱ፤ ደገሙት፣ ቡናማ ጭጋግ ብቻ ሆነ። ሽታው ክፍሉን ሞላው። አባቴ «አላህ ይስጥልኝ» አሉ፣ ከልባቸው። እናቴ ግን ቅርጫቷን አንሥታ ራሷ ላይ አደረገችና ማንንም ሳትሰናበት ወጣች። በብርቱካኖቹ መሃል እየተጣደፈች ስትወርድ እኔ ቀሚሷን ጨብጬ እየተጎተትኩ ተከተልኳት።

ለብዙ ቀን ከአባቴ ጋር ቃል አልተነጋገረችም። እንጀራውን ታቀርባለች፣ ውሃውን ታስታጥባለች። በኋላ ግን እንደ ባልና ሚስት ወግ፣ እኔ ባላየሁት ሰዓት ታረቁና ሳቅ ወደ ቤታችን ተመለሰ። የመጣው ክረምት አልፎ ወንዙ ሲጎድል ወባ ገባ፤ እናቴንም ይዞ ሄደ። ጋሽ እንግዳ ለቅሶ መጥተው ከአባቴ ጎን ምንጣፍ ላይ ቀኑን ሙሉ ተቀመጡ። ብዙም ሳይቆዩ ግቢያቸውን ለዘበኛ ትተው አዲስ አበባ ተመለሱ፤ ያረፉትም እዚያው ነው።

እናቴ ፎቶ ቤት ገብታ አታውቅም። ፊቷ ከእኔ ጋር ጥቂት ዓመት ቆየ። ከዚያ አፍንጫዋ እንዴት እንደነበር ጠፋኝ፤ ከዚያ አገጯ፤ ወልጄ የመጀመሪያዋን ሴት ልጄን ባቀፍኩ ጊዜ ማንን እንደምትመስል ልፈልግ ብል ያለኝ ቢጫ ሻሽና የብርቱካን ሽታ ብቻ ነበር። አልደነገጥኩም። አባቴ አሉልኝ ብዬ ነው። ስሟን የማያነሡት ሐዘኑ ስለሚከብዳቸው ነው፤ አንድ ቀን፣ ሲቀላቸው፣ እጠይቃቸዋለሁ እያልኩ ዓመቱን በዓመት ላይ ደረብኩት።

እና ያን ጠዋት ከሚኒባሱ ወርደን በበሩ ገባን። ጽጌረዳው በአዲስ ተተክሏል፤ መንገዱ ጠጠር ተነጥፎበታል። ብርቱካኖቹ የሉም። በሽታ ገብቶባቸው አንድ በአንድ ደርቀው እንዳለቁና በቦታቸው አቮካዶ እንደተተከለ ሕይወት ነገረችን። ማንጎዎቹ ግን አሉ፤ ጥላቸው ግቢውን ሸፍኖታል። አባቴ ወደ አንዱ ተጠግተው ግንዱን በመዳፋቸው መታ መታ አደረጉ፣ የከብት ትከሻ እንደሚመታ። ሕይወት አንዱን የድንጋይ መቀመጫ እያሳየች ሰዓሊው እዚህ ላይ ተቀምጠው ከተፈጥሮ ጋር ይነጋገሩ እንደነበር ስታስረዳ፣ አባቴ በጆሮዬ «ከዳኛው ጋር ነው» አሉኝ፤ ሳቄን በነጠላዬ ሸፈንኩት።

ወደ ቤቱ ስንገባ እሳቸው ውጪ ሊቀሩ ነበር። ሥዕል ወዳለበት ክፍል መግባት አሁንም አይወዱም። ፀሐዩ ግን በርትቶ ነበርና ሕይወት «አባባ፣ እዚህ ቀዝቀዝ ይላል፤ ወንበርም አለ» ብላ እጃቸውን ይዛ አስገባቻቸው።

ሥዕሉ ከመስኮቱ ፊት ለፊት ካለው ግድግዳ ላይ ነበር። በብርቱካን ዛፎች መሃል ቅርጫት ተሸክማ የምትሄድ ሴት፤ ጀርባዋን ሰጥታናለች። ቢጫ ሻሽ አስራለች። አንድ እጇ ቅርጫቱን ይዟል፤ ሌላው ለመራመድ እንዲያመቻት ቀሚሷን ከፍ አድርጎታል። ከጫፍ በኩል ቀሚሷን የጨበጠች አንዲት ትንሽ እጅ ብቻ ትታያለች፤ የእጇ ባለቤት ከሸራው ውጪ ቀርታለች። እጄን ወደ ኋላ ደበቅሁት፣ ለምን እንደሆነ አላውቅም።

ሕይወት «ይህ ሥራ ከሰዓሊው ዝነኛ ሥዕሎች አንዱ ነው» አለች። «ፊቷን ያላሳዩን ማንኛዋም የሀገራችን ሴት ልትሆን እንድትችል ነው ይባላል። አረማመዷ ሰላምንና ትዕግሥትን...»

«ትዕግሥት አይደለም ልጄ» አሉ አባቴ ከወንበራቸው። «ተቆጥታ ነው።»

ሁሉም ዞረው አዩዋቸው። ሕይወት ቀረብ አለችና «ያውቋታል እንዴ አባባ?» አለች በቀስታ።

«ዘምዘም ናት። ሚስቴ።»

«ታዲያ ለምን ይሆን ጀርባዋን የሰጠችው?»

አባቴ ከሥዕሉ ላይ ዓይናቸውን አላነሡም። «እኔ ነኝ ያዞርኳት» አሉ።

ሕይወት ለጎብኚዎቹ በእጇ ምልክት ሰጥታ ወደ ማንጎው ጥላ ይዛቸው ወጣች፤ ስለዚያ እስከ ዛሬ አመሰግናታለሁ። እኔና አባቴ ብቻችንን ቀረን። ከወንበራቸው ጎን ወለሉ ላይ ቁጢጥ አልኩና በዚያ ሁሉ ዓመት ያቆየሁትን ጠየቅኋቸው።

«አባባ፣ ፊቷ እንዴት ነበር?»

«ፊቷማ...» ብለው ጀመሩ። ከንፈራቸው ተንቀሳቀሰ፤ እጃቸው ተነሥቶ አየር ላይ አንድ ነገር ሊያሳየኝ ፈለገ፤ ግንባር ይመስላል፣ ጉንጭም ይመስላል። ከዚያ እጃቸው ጉልበታቸው ላይ ወረደ።

«ጠፍቶብኛል፣ ከድጃ» አሉ። «ድሮ ነው የጠፋብኝ። በሕልሜም ስትመጣ እንዲህ ነው የማያት። ዘምዘም ብዬ እጠራታለሁ፤ ሰምታኛለች፣ ግን አትዞርም።»

እኔ ያ ፊት እሳቸው ዘንድ ተቀምጦልኛል ብዬ ነበር የኖርኩት፤ እሳቸው ደግሞ እኔን እንዳያስከፉ ባዶ እጃቸውን ደብቀው ኖረዋል። አይተው የያዙት ጋሽ እንግዳ ብቻ ነበሩ፤ እሳቸውም የአባቴን ቃል ጠብቀው ሳይሥሉት ሄዱ። አሁን በዚህ ዓለም ላይ የእናቴን ፊት የሚያውቅ ማንም የለም።

ውጪ ሾፌሩ ጥሩምባውን ነፋ። አባቴ አልተነሡም፤ እኔም ተነሡ አላልኳቸውም። «ፈጣን ነበረች» አሉ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ስለ እሷ ሲያወሩኝ። «ከገበያ ስንመለስ እኔ ከኋላ ነበር የምቀረው።» ከዚያ ሌላ ነገሩኝ፣ ከዚያም ሌላ፣ ጥሩምባው እየደጋገመ እስኪነፋ ድረስ።