ለቅሶ የደረስኩ ዕለት

የምዝገባው የመጨረሻ ቀን ነበር። ከአምደወርቅ የተነሳንበት ሚኒባስ እስኪሞላ ብዙ ስለቆመ ሰቆጣ የደረስኩት ከምሳ በኋላ ነው። ማስረጃዎቼን ይዤ የሥራ ማስታወቂያውን ያወጣው መሥሪያ ቤት ስገባ ግቢው ጭር ብሏል። የመዝጋቢው ክፍል ተቆልፏል።

«ማንም የለም» አለኝ ጥበቃው። «ሾፌራችን ሞቶብን ሁሉም ቀብር ሄደዋል።»

«ይመለሳሉ?»

«እንግዲህ ቀብር ነው።»

በረንዳው ላይ ተቀመጥኩ። በከተማው የማውቀው ሰው አልነበረም። ጥቂት ቆይቶ ነጠላቸውን ያዘቀዘቁ ሴቶች በበሩ ሲያልፉ አንዷ ቆም ብላ አየችኝ። ከዚያ መንገዷን ቀጠለች። ግን ያደግሁት በቄስ ቤት ነው፤ ለቅሶ በደጅ ሲያልፍ ተቀምጦ ማየት ነውር እንደሆነ አውቃለሁ። ማስረጃዎቼን ከነጠላዬ ስር ሸሽጌ ተከተልኳቸው። መዝጋቢውም እዚያው ስላለ አብሬው እመለሳለሁ ብዬ አስቤ ነበር።

የሟች እናት አሮጊት ናቸው። ከሴቶቹ መሃል ስቀመጥ ክንዴን ይዘው ወደ ራሳቸው አስጠጉኝ። ማን ነሽ አላሉኝም። እኔም ለማላውቀው ሰው አለቀስኩ፤ ስጀምር ደግሞ ማቆም አቃተኝ። ከተመረቅሁ ጀምሮ ቤት ውስጥ ስውል ያመቅሁት ሁሉ ያን ዕለት የወጣ ይመስለኛል። ማስታወቂያውን አምደወርቅ ሲለጥፍ ያየሁት መዝጋቢ ከወንዶቹ ጋር ድንኳኑ ውስጥ ነበር። ዓይን ለዓይን ተያየን። ግን በለቅሶ ቤት ስለ ሥራ እንዴት ይወራል? ለነገ ተውኩት።

በማግስቱ ጠዋት «ምዝገባው ትናንት አብቅቷል» አለኝ።

«ትናንት መጥቼ ነበር።»

«የት?»

«ለቅሶው ላይ። አይተውኛል እኮ።»

አጠገቡ የነበረችው ጸሐፊ ሳቀች። «ለቅሶ ቤት ወንበር ዘርግተን እንመዝግብ ነው የምትይን፣ እህቴ?» እሱም አብሯት ሳቀ።

በተማርኩት ሙያ በአካባቢያችን ቦታ ሲወጣ ያ የመጀመሪያው ነበር። ሌላ መቼ እንደሚወጣ የሚያውቅ የለም። ስለዚህ ለቅሬታ ሰሚ ኮሚቴው አመለከትኩ። «ቢሮው ቀኑን ሙሉ ክፍት ነበር፤ አመልካች ጊዜው ካለፈ በኋላ ነው የቀረበችው» ብለው ጣሉት። ጥበቃውን ስጠይቀው «አላስታውስም» አለና ፊቱን አዞረ። እኔ ደግሞ፣ ሰው ፊት መናገር የሚጨንቀኝ፣ ጉዳዩን ፍርድ ቤት አደረስኩት።

ጠበቃ አልነበረኝም። ለቀጠሮዎቹ ስል ሰቆጣ ውስጥ ትንሽ ክፍል ተከራየሁ። ከአከራዬ ሰላምታ በቀር ከሰው ጋር ቃል ሳልለዋወጥ የምውልባቸው ቀናት ነበሩ።

ምስክር አቅርቢ ስባል ትዝ ያሉኝ አሮጊቷ ናቸው። ቤታቸው ስገባ ወዲያው አወቁኝ።

«ያቺ ልጅ! ስትንሰቀሰቂ የዋልሽው!»

«ያን ቀን እዚህ እንደነበርኩ ለዳኛው ይመሰክሩልኛል፣ እናቴ?» ስለ ምዝገባው ማስረዳት ጀምሬ ነበር፤ አላስጨረሱኝም።

«ለምን አልመሰክር? የዘመድ ያህል አልቅሰሽልኝ!»

ችሎት ላይ አስተርጓሚ ይፈልጉ እንደሆነ ሲጠየቁ ተቆጡ። «ኽምጥኛ የእናቴ፣ አማርኛ የጎረቤቴ ነው። ሁለቱንም እችላለሁ» አሉ። ከዚያ ሁሉንም ተናገሩ። የመሥሪያ ቤቱ ሰው አንድም ሳይቀር ቀብሩና ለቅሶው ላይ እንደነበረ፣ እኔም ለቅሶው ላይ እንደነበርኩ። ልቤ ሞላ። የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ተነሳ።

«አመልካች ለሥራ ምዝገባ እንደመጣች ነግራዎት ነበር?»

«ምን ሥራ? ለልጄ ነው እንጂ የመጣችው! ማንም ሳይጠራት፣ ከዚያ ሁሉ አገር!»

ነገረ ፈጁ ጥያቄ የለኝም ብሎ ተቀመጠ። ዳኛው ወደ እኔ ዞሩ።

«አመልካች፣ በዕለቱ የመጣሽው ለምዝገባ ነው ወይስ ለለቅሶ?»

«ለምዝገባ» አልኩ።

«አይሰማም። ጮክ በይ።»

አሮጊቷም አልሰሙም ነበር። ጆሯቸውን ወደ እኔ አዘንብለው ፈገግ እንዳሉ ይጠብቃሉ። ብደግመው ይሰማሉ። አፌን ከፈትኩ፤ ቃሉ አልወጣም። ዳኛው ትንሽ ጠበቁኝና «መልስ የላትም በል» አሉት የሚጽፈውን።

ውሳኔውን ብቻዬን ሰማሁ። በዕለቱ ሰቆጣ መገኘቴ ተረጋግጧል፤ ለመመዝገብ መቅረቤ ግን አልተረጋገጠም። አባቴ ደወለ፤ አላነሳሁም። ወደ ክፍሌ መመለስም አስጠላኝ። ሌላ የማውቀው ቤት ስላልነበረ አሮጊቷ ዘንድ ሄድኩ።

«ረታሽ?»

«አልረታሁም፣ እናቴ።»

«እንዴ! እውነቱን ነገርኳቸው እኮ!»

«አዎ፣ ነግረዋቸዋል።»

ዳኛውን ረገሙ፤ መዝጋቢውንም ከነዘር ማንዘሩ ረገሙ። ሲደክማቸው ከመደቡ ላይ ቦታ ለቀቁልኝና ስለ ልጃቸው ያወሩኝ ጀመር፤ ስለ አነዳዱ፣ ስለ ሳቁ። መሃል ላይ ቆም አሉ።

«ለመሆኑ አንቺ የት ነበር የምታውቂው?»

«አላውቀውም ነበር» አልኩ። በዚያች ጠባብ ቤት ድምፄ ጥርት ብሎ ተሰማ።

ከመደቡ ላይ ወደ እኔ ዞሩ።

«ታዲያ ያን ያህል ያለቀስሽው ለማን ነው?»

«ለራሴ» ማለት ከበደኝ።