ድሪያዬና ሦስት አራተኛው

ንዴቴ ቅርብ ነው። የሳቢያን ሰፈር ጎረቤቶቼ ይህን ስለሚያውቁ፣ ማታ ትምህርት ተመዝግቤ ስምንተኛ ክፍል ስገባ ያዘኑት ለእኔ ሳይሆን ለአስተማሪዎቼ ነበር። አምና ሚኒስትሪ ተፈትኜ ሒሳብ ጣለኝ፤ ዘንድሮ ልጄ ስምንተኛ ደርሳብኛለች። ዘንድሮም ከጣለኝ ልጄ ዘጠነኛ ትገባለች፣ እኔ እዚያው ልቀር ነው፤ ሦስተኛ አልሞክርም ብዬ ምያለሁ።

ፈተናው ሲደርስ ልጄ በረንዳ ላይ አስቀምጣ ታስጠናኝ ጀመር። አንድ የማይታወቅ ቁጥር ላይ ኔጌቲቭ ሦስት አራተኛ ሲደመር ግማሽ ሆነ፤ ቁጥሩ ስንት ነው? ከግማሽ ላይ ኔጌቲቭ ሦስት አራተኛን ቀንሺ አለችኝ። ቀነስኩና ከግማሽ ያነሰ መልስ አመጣሁ። መብለጥ አለበት አለች። ለምን ስላት፣ ሕጉ ነው፣ እኛም ሸምድደን ነው የያዝነው አለችኝ። ኧረ አቦ! ተቀንሶ የሚበዛ ነገር የት አገር ነው ያለው? ቀፊራ ገበያ ስሄድ ከበርበሬዬ ላይ ቀንሰው በዛልሽ ሊሉኝ ነው? እስክሪብቶዬን ወርውሬ ተነሳሁ፤ ሰፊውን የቤት ቀሚሴን፣ ድሪያዬን፣ ሰብስቤ ወገቤ ላይ ሸጎጥኩና ልብስ ማጠብ ጀመርኩ። ሲናደዱ ልብስ ማጠብ ጥሩ ነው፣ ቆሻሻውም ቶሎ ይለቃል።

ልጄ ትክ ብላ ስታየኝ ቆየች።

«እማ፣ ድሪያሽን ስትሸጉጪው ምን ሆነ?»

«አጠረ።»

«የሸጎጥሽውን አውጪውማ።»

አወጣሁት። እግሬ ድረስ ወረደ።

«ማሳጠሩን ነው የቀነስሽው፤ ኔጌቲቭም ማሳጠር ነው» አለች።

እጄ አረፋ እንደሆነ ቆሜ ቀረሁ። ደግሜ ሸጎጥኩ፣ ደግሜ ለቀቅኩ። ደስታዬን አልደብቅም፣ እልል ማለት ነው የቀረኝ። ጎረቤቴ በአጥር አጮልቃ ዛሬ ደግሞ ምን ነካት ሳትል አልቀረችም።

የፈተናው ዕለት ያው ጥያቄ፣ ቁጥሩ እንኳ ሳይቀየር መጣ። ሕጉ ከጭንቅላቴ ብን ብሎ ጠፋ። ቀስ ብዬ ከዴስኩ ስር ድሪያዬን ሸጎጥኩ። ፈታኟ አየችኝ፤ መጥታ አጠገቤ ቆመችና ምን እንደደበቅኩ ጠየቀችኝ። ደሜ ፈላ። ግን ብጮህ ያባርሩኛል፣ ዓመቱም አብሮኝ ይባረራል። ምላሴን ነክሼ ተነሳሁና ለቀቅኩት። ድሪያው ወረደ፣ ወረቀት የሚባል አልወደቀም። እሷ ይቅርታ ስትለኝ እኔ መልሱን አይቼው ነበር። ተቀምጬ አንድ ከሩብ የሚለውን አጠቆርኩ።

ልጄ በሌላ ክፍል ያንኑ ፈተና ተፈትና በር ላይ ጠበቀችኝ። ስንት መጣልሽ ስላት እሷም አንድ ከሩብ አለች። የዩኒፎርሟ አንዱ እጅጌ እስከ ክርኗ ተጠቅልሏል፣ ሌላው ተፈትቶ ተጨማዷል። ምን ሆነሽ ነው አልኳት።

«ሕጉ ጠፋብኝ» አለች አንገቷን ደፍታ። «ድሪያ አልለበስኩ፣ እጅጌዬን ጠቅልዬ ፈታሁት።»

ሰው እያየን አቅፌያት እስኪበቃኝ ሳቅኩ። መስከረም ላይ ሁለታችንም ዘጠነኛ ገባን፤ እሷ ጠዋት፣ እኔ ማታ።