በሁዳዴ የተጫወትነው የመልስ ጨዋታ

ወጌሻ ሆኜ ሥራ የጀመርኩት መንዝ፣ መሐል ሜዳ ከተማ ላይ፣ በትምህርት ቤቶች የሴቶች እግር ኳስ ውድድር ነው። ያኔ የጤና ጣቢያ ነርስ ነበርኩ። ኃላፊዬ ጠዋት ቢሮው ጠራኝና፣ "ልጃገረዶች ናቸው፤ ወንድ ወጌሻ እግራቸውን ሲይዝ እናቶቻቸው ሜዳ እየገቡ አስቸገሩ። አንቺ ሂጂ" አለኝ። ኳስ አላውቅም ስለው፣ "ኳሱን እነሱ ያውቁታል" ብሎ ቦርሳውን አስታቀፈኝ። ቦርሳው ውስጥ ሁለት ፋሻ፣ አንድ ጥቅል ፕላስተር፣ መቀስ፣ አዮዲንና ማን እንደረሳው የማይታወቅ ግማሽ ሳሙና ነበር።

የዞኑ ወጌሻ አቶ ሽፈራው ጡረታ ሊወጡ ጥቂት የቀራቸው፣ ቁጡ ሰው ነበሩ። መጀመሪያ ያስተማሩኝ ማሸት አይደለም፤ የእጅ ምልክት ነው።

"ሜዳ ስትገቢ አሰልጣኙ ከሩቅ የሚያየው እጅሽን ነው" አሉኝ። "አውራ ጣትሽን ካነሳሽ ትችላለች ማለት ነው። ሁለት እጅሽን እንዲህ ካሽከረከርሽ ትቀየር ማለት ነው። ሌላ ወሬ የለም።"

"ከተጠራጠርኩስ?"

"ከተጠራጠርሽማ ታሽከረክሪያለሽ። ምን ይጠየቃል!"

መንዝ ላይ ለበረዶ ማቀዝቀዣ አያስፈልግም። በኅዳር ውርጭ፣ ውሃ በፌስታል ሞልቼ ማምሻውን ካብ ላይ ካስቀመጥኩ ጠዋት ድንጋይ ሆኖ ይጠብቀኛል። የመጀመሪያዋን ቁርጭምጭሚት የያዝኩት በዚያ በረዶ ነው። ኋላ ትልልቅ ቡድኖች ጋ ስሠራ የሚረጭ ማቀዝቀዣ ሰጡኝ፤ እኔ ግን እስከ ዛሬ የማምነው የፌስታሉን ነው።

ከዚያ ኮርስ ወሰድኩ፣ ደብረ ብርሃን ላይ ለአንድ የሴቶች ክለብ ብዙ ዓመት ሠራሁ፣ በመጨረሻ ለወጣት ሴቶች ብሔራዊ ቡድን ተጠራሁ። በማዕረግ ወጌሻ ከምክትል አሰልጣኙ በታች፣ ከትጥቅ ያዡ እኩል ነው። አውቶቡስ ላይ የኋላው ወንበር የእኛ ነው። ተጫዋቾች ግን ለአሰልጣኝ የማይናገሩትን ለወጌሻ ይናገራሉ። እግራቸው እጄ ላይ ሲሆን አፋቸው ይፈታል። ይህን እንደ ትልቅ ክብር እቆጥረው ነበር።

እታፈራሁን ያየኋት ዘመሮ ላይ፣ በወረዳዎች ጨዋታ ነው። የሞላሌ ልጅ ናት፣ ተከላካይ። ቀጭን፣ ረጅም፣ አይነ አፋር። ኳስ በቆመ ቁጥር ቁምጣዋን ወደ ታች ትጎትታለች፤ ኳስ ሲንቀሳቀስ ግን ማንንም አታሳልፍም። አባቷ መምሬ ጥላሁን የአጥቢያቸው ቄስ ናቸው። የቄስ ልጅ በቁምጣ ስትሮጥ ሞላሌ ላይ ምን እንደተባለ መንዝ ያደገ ሰው ሳይነገረው ያውቃል።

ስሟን ለዋና አሰልጣኙ ለኮች መስፍን የሰጠሁት እኔ ነኝ። መጥቶ አያት፤ ለዓለም ዋንጫ ማጣሪያ ተመረጠች። ላመጣት ሞላሌ ስሄድ መምሬ በርኖሳቸውን ደርበው መናኸሪያ ድረስ ሸኙን። ስልኬን ከእጄ ተቀብለው ቁጥራቸውን ራሳቸው አንድ በአንድ ጻፉልኝ።

"ልጄ፣ ሰው ብዙ ብሎኛል" አሉኝ። "ኳስ ሃይማኖቷን ያስጥላታል ብለውኛል። እኔ ልጄን አውቃታለሁ ብዬ ሰድጃታለሁ። ምንም ነገር ቢሆን ደውይልኝ።"

እታፈራሁ አውቶቡሱ ውስጥ መስኮቱ ጋ ተቀምጣ ሁሉንም ሰማች።

ካምፕ ስንገባ ሁዳዴ ከተያዘ ሁለተኛ ሳምንቱ ነበር። የካምፑ ወጥ ቤት የጾምም የፍስክም ይሠራል፤ ማንም ማንንም አያስገድድም። አብዛኞቹ ልጆች የጾሙን ምግብ ጠዋት ይበሉና ልምምድ ይወጣሉ። እኔም እንደዚያው ነበርኩ።

የወጌሻ የጠዋት ሥራ ሚዛን ነው። ከልምምድ በፊት አንድ ጊዜ፣ ከልምምድ በኋላ አንድ ጊዜ እያንዳንዷን እመዝናለሁ። ቁጥሩ መዝገብ ላይ ይገባል፤ መዝገቡ ኮች መስፍን ጋ ይሄዳል። ከልምምድ በኋላ የቀነሰው ላብ ነው፣ በውሃ ይመለሳል። በማግሥቱ ካልተመለሰ ችግር አለ ማለት ነው። የእታፈራሁ አልተመለሰም። በአሥር ቀን ሦስት ኪሎ ወረደች።

የማሻ አልጋው ላይ አስተኝቼ ባቷን እያሸሁ ጠየቅኋት።

"ቁርስ ትበያለሽ?"

"እበላለሁ።"

"እታፈራሁ!"

ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። "እስከ ዘጠኝ ሰዓት እይዛለሁ" አለች።

"ውሃም?"

"ውሃም።"

ሌሎቹ ልጆች አንቺ ነው የሚሉኝ። እሷ ብቻ እርስዎ ትለኛለች። "ሲስተር፣ በእመብርሃን፣ ለኮች እንዳይነግሩብኝ" አለችኝ። "በግድ ብዪ ይለኛል፣ አለዚያም ያሰናብተኛል። ከበላሁ ደግሞ አባቴን 'ይኸው፣ አላልንም?' ይሏቸዋል። እርስዎ ያገሬ ሰው ነዎት፤ ያውቁታል።"

አውቀዋለሁ። እኔ ጠዋት ሽሮዬን በልቼ የመጣሁት በልጅቷ ፊት አፈርኩ። እውነቱን ልናገርና፣ ኮራሁባትም። ያገሬ ልጅ እንዲህ ናት አልኩ በሆዴ። ከማግሥቱ ጀምሮ ሚዛኑ ካሳየው ላይ ሁለት ኪሎ እየጨመርኩ ጻፍኩ።

የመጀመሪያው ጨዋታ በሜዳችን፣ እሑድ ዕለት ነበር። እሑድ ከቅዳሴ መውጫ በኋላ መብላት ስለሚፈቀድላት ገንፎዋን በላች፣ ውሃዋን ጠጣች። የዚያን ቀን የሚያቆማት አልተገኘም። ሁለት ለአንድ አሸነፍን። ከጨዋታው በኋላ የአንድ ክለብ ሰው ኮች መስፍን ጋ መጥቶ፣ "ማጣሪያው ይለቅና ይቺን ልጅ እናስፈርማታለን" አለ። እታፈራሁ ወዲያው ለአባቷ ደወለች። ስትናገር እያለቀሰች ትስቅ ነበር። እኔም ምስጢራችን ማንንም የማይጎዳ መሰለኝ።

የመልስ ጨዋታው ግን ዓርብ ሆነ። በዚያ ላይ ዘጠኝ ሰዓት፣ በባሕር ጠረፍ ባለ ከተማ። ከአውሮፕላን ስንወርድ ሙቀቱ ልብሳችንን ገላችን ላይ አጣበቀው። በውርጭ ላደገች ልጅ በልቶ መሮጡም ይከብዳል።

ዓርብ ጠዋት ክፍሏ ሄድኩ። አልጋዋ ላይ ተቀምጣ ካልሲዋን ታጥፋለች።

"ዛሬን ብቻ ቅመሽ" አልኳት።

"ዓርብ እኮ ነው ሲስተር።"

"መንገደኛ ነሽ።"

"ማን ፈታኝ?" አለች።

ኮሪደሩ ላይ ወጥቼ የመምሬን ቁጥር ከስልኬ አወጣሁ። ለቄስ ደውሎ 'ልጅዎ ጾሟን ትፍታ' ማለት ነውር መሰለኝ። በገዛ አፋቸው እንቢ ቢሉስ ብዬም ፈራሁ። ከሁሉ በላይ ግን ነገሩ ከተነሳ ኮች ጆሮ ይደርሳል፣ መዝገቡም ይገለጣል። ስልኩን ኪሴ ከተትኩት።

እስከ ዕረፍት ያለ ግብ ቆየን። በዚያው ከቆየን እናልፋለን። በዕረፍት ሰዓት ዘጠኝ አልፎ ስለነበር ውሃ ሰጠኋት፤ በአንድ ትንፋሽ ጨለጠችውና መታጠቢያ ቤት ገብታ አስመለሰችው። ፊቷን በእርጥብ ፎጣ ጠርጌ መለስኳት። ለማንም አልተናገርኩም።

ሁለተኛው አጋማሽ ብዙ ሳይሄድ ባቷ ተኮማተረና ወደቀች። ዳኛው ጠራኝ፣ ገባሁ። ጡንቻዋ እጄ ላይ እንጨት ሆኗል። ከንፈሯ ነጥቷል፤ ያን ሁሉ ሙቀት ይዛ ላብ የላትም። ላብ የሌላት ተጫዋች በዚያ ሙቀት ምን ማለት እንደሆነ ለማወቅ ኮርስ አያስፈልግም።

"አያስወጡኝ" አለችኝ። "ትንሽ ነው የቀረው፤ በሞቴ።"

እግሯን ወደ ላይ ይዤ ዘረጋሁላት። ኮች መስፍን መስመሩ ላይ ቆሞ ሁለት እጁን ዘርግቶ ይጠይቀኛል። አንድ ቅያሪ ቀርቶናል፤ ተቀያሪዋም አሟሙቃ ቆማለች። ባሽከረክር ምን ሆነች ይለኛል። ምን ሆነች ካለኝ ሁሉም ይወጣል።

አውራ ጣቴን አነሳሁ።

ሰባት ደቂቃ አልሞላም። አጥቂዋን ልትከተል ስትዞር ጉልበቷ ወደ ውስጥ ታጠፈ። ማንም አልነካትም። ጩኸቷን ከተቀመጥኩበት ሰማሁት። ሮጬ ገብቼ ጉልበቷን አጠፍኩና ከጉልበቷ በታች ያለውን አጥንት በሁለት እጄ ይዤ ወደ እኔ ሳብኩ። ደህና ጉልበት ይይዛል። የእሷ እንደ ጠረጴዛ መሳቢያ መጣልኝ። ያን ጊዜ እጆቼን አሽከረከርኩ። በቃሬዛ ስትወጣ የመለያዋን ጫፍ ነክሳ ነበር።

ሁለት ለዜሮ ተሸንፈን ከማጣሪያው ወጣን።

በመመለሻው አውሮፕላን ላይ ኮች መስፍን አጠገቤ መጥቶ ተቀመጠ። "ልጅቷ ክብደቷን አልጣለችም ነበር?" አለኝ።

"መዝገቡ ላይ አለ" አልኩት።

መዝገቡን ተቀብሎ ገለጠ። ቀኖቹን በጣቱ እየተከተለ አየና መለሰልኝ። "ደህና ነበረች" አለ።

ሐኪሙ የጉልበቷ ጅማት እንደተበጠሰ፣ ያለ ቀዶ ሕክምና ኳስ እንደማይታሰብ ነገራት። ወረፋ ተያዘላት፤ ወረፋው ሳይደርስ ወራት ሄዱ። የክለቡ ሰው ስልክ ማንሳት አቆመ። እታፈራሁ ክራንቿን ይዛ ሞላሌ ገባች።

ሰኔ ላይ ልጠይቃት ሄድኩ። እግሯን ዱካ ላይ ዘርግታ የበግ ፀጉር ትፈትላለች። ልማዷ ሆኖ ልትነሳልኝ ሞከረችና አቃታት። መምሬ አጠገቧ ተቀምጠው ነበር። እዚያው፣ እሷ ባለችበት፣ ሁሉንም ነገርኳቸው፤ ጾሙን፣ መዝገቡን፣ ጣቴን።

መምሬ እስክጨርስ አላቋረጡኝም። ከዚያ በተከፈተው በር ወደ ጎረቤት አመለከቱኝ።

"ያ ቤት ይታይሻል? የንስሐ አባቷ ቤት ነው። የግቢያችን ካብ አንድ ነው። ከዚህ ሆኜ ብጣራ ይሰማኛል። በስልኩ እዚያው ይፈታት ነበር። ልጅ ናት፣ መንገደኛ ናት፣ ሰው አገር ናት። ማን ይከለክላታል?" ድምፃቸውን ከፍ አላደረጉም። "ምንም ነገር ቢሆን ደውይልኝ ያልኩሽ ለዚህ ነበር እኮ ልጄ።"

እታፈራሁ እንዝርቷን አቆመች። "እርስዎን ሰው እንዳይናገርብኝ ብዬ ነው አባ" አለች።

መምሬ ነጠላቸውን ወደ ፊታቸው ሰብስበው ወጡ። ውጭ ካቡ ጋ ቆመው ትከሻቸው ሲንቀጠቀጥ በበሩ ይታየን ነበር። እኔና እሷ መተያየት አልቻልንም።

በሳምንቱ አዲስ አበባ ኮች መስፍን ቢሮ ገባሁ። መዝገቡን ገልጬ ከጻፍኩት ቁጥር አጠገብ እውነተኛውን በቀይ እስክሪብቶ ጻፍኩለት። ይጮህብኛል ብዬ ነበር፤ ቢጮህብኝ ይሻለኝ ነበር።

"እኔ ያን ቀን ያየሁት እጅሽን ብቻ ነው" አለኝ።

ቦርሳውን አስረክቤ ወጣሁ።

አሁን ተመልሼ መሐል ሜዳ ጤና ጣቢያ ነኝ። የትምህርት ቤቶች ውድድር ሲኖር ይጠሩኛል፤ አዳዲስ ወጌሾችንም አስተምራለሁ። እታፈራሁ ሞላሌ ገበያ ላይ የፈተለችውን ክር ትሸጣለች። ቁልቁለት ስትወርድ በጎን ነው የምትራመደው። ሜዳ ላይ ጨዋታ ካለ በዚያ በኩል አታልፍም። ስታገኘኝ ዛሬም እርስዎ ትለኛለች፤ ጤናዬን ትጠይቀኛለች። ይህ ከስድብ በላይ ያመኛል።

ለአዳዲሶቹ የምነግራቸው አጭር ነው። ወጌሻ ሚዛኑ ያሳየውን ይጽፋል። ሲጠራጠር እጁን ያሽከረክራል። የማያውቀውን ነገር የሚያውቀውን ሰው ደውሎ ይጠይቃል። እኔ ሦስቱንም አላደረግኩም።