ያልተደረሰው ለቅሶ

ከግድግዳ ማዶ የሴት ለቅሶ ስሰማ ደሜ ይፈላል። ሌላ ሰው በለቅሶ ድምፅ ሆዱ ይባባል፣ እኔ ግን ገንዳ ውሃ ከተማ የነበረው የቆርቆሮ አጥራችን ትዝ ይለኝና አባቴ ላይ እንደ አዲስ እናደዳለሁ።

አባቴ ያኔ የወረዳ ዳኛ ነበር። በበጋ፣ የቆላው ሙቀት ቤት አላስቀምጥ ሲል፣ እናቴ በአጥሩ ላይ በተተወችው ትንሽ በር ሾልካ ወደ እትዬ ሐሊማ ግቢ ትሻገርና፣ ኒም ዛፉ ሥር ምንጣፍ አንጥፈው ሲሥቁ ይውሉ ነበር። የእትዬ ሐሊማ ባል አቶ ኢድሪስ ገበያው ዳር ሱቅ ነበረው። እኔ በተወለድኩ በወሩ እናቴን ወባ ጥሏት ሆስፒታል ስትተኛ፣ ከልጇ ከጀማል ጋር ጡት ያጠባችኝ እትዬ ሐሊማ ናት። ጀማል ወንድሜ ነው እያልኩ ነው ያደግሁት፣ አይደለም ያለኝም ሰው አልነበረም።

ስምንት ዓመት በሆነን ክረምት፣ ጥቁሩ አፈር ጭቃ ሆኖ ወደ ሽንፋ የሚወስደው መንገድ በተቆረጠበት ሰሞን፣ አቶ ኢድሪስ በሱቁ ይገባኛል ክርክር ተከሶ መዝገቡ አባቴ ፊት ቀረበ። አባቴ በዚያው ቀን የአጥሩን በር በሽቦ ጠፍሮ አሰረው። እናቴ ብታጉረመርምም፣ ፍርዱ ሲሰጥ ያልፋል ብላ ቻለችው። ነሐሴ ላይ ግን ወባ ጀማልን በሦስት ቀን ወሰደው።

እናቴ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ልትወጣ ስትል አባቴ በሩ ላይ ቆመ።

«ባሏ እኔ ዘንድ መዝገብ አለው። አንቺ እዚያ ቤት ከተቀመጥሽ፣ ዳኛው ወግኗል ይባላል» አላት።

«ልጅ እኮ ነው የሞተባት። ልጅህን ያጠባች ሴት ናት።»

«አውቃለሁ። ሕግ ግን ሕግ ነው።»

እናቴ ነጠላዋን አውልቃ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። ሦስት ቀን ሙሉ የእትዬ ሐሊማ ጩኸት በቆርቆሮው በኩል ሲመጣ፣ እሷ እህል ሳትቀምስ ሰማችው፣ አባቴ ደግሞ እየበላ ሰማው። ይህን እስካሁን ይቅር አላልኩትም።

ሰሊጥ አጨዳ ደርሶ፣ ከጎጃምና ከወሎ የሚመጡት የቀን ሠራተኞች ከተማዋን ሲሞሏት፣ አባቴ ሱቁ የአቶ ኢድሪስ ነው ብሎ ፈረደ፤ እውነትም የእሱ ነበር። እናቴ ያንኑ ቀን ሽቦውን በእጇ ፈትታ፣ እኔን አስከትላ ሄደች። እትዬ ሐሊማ ደጃፏ ላይ ቆማ ጠበቀችን።

«ሱቁንስ አገኘነ። እኔን የቸገረኝ ሱቅ አልነበረም» አለቻትና በሩን መለሰችው።

አባቴ ከዚያ ወደ ከፍተኛው ፍርድ ቤት፣ በኋላም ወደ ክልሉ ጠቅላይ ፍርድ ቤት አደገ። በጡረታ ሽኝቱ ላይ የባለጉዳይ ሻይ እንኳ ያልቀመሰ ዳኛ እየተባለ ሲጨበጨብለት፣ እናቴ እጇን ጭኗ ላይ አድርጋ መሬት መሬት ታይ ነበር። ከገንዳ ውሃ ወዲህ ጎረቤት ወዳጅ ኖሯት አያውቅም። ያቺ ጭብጨባ የማን ዋጋ እንደሆነች አዳራሹ ውስጥ የምናውቅ ሦስት ሰዎች ብቻ ነበርን።

ዛሬ እኔም ዳኛ ነኝ። በቀደም ባሏ የሞተባት ጎረቤቴ መዝገብ እኔ ችሎት ላይ ነበር። ጠዋት ከጉዳዩ እንድነሳ ግማሽ ገጽ ማመልከቻ ጻፍኩ፣ መዝገቡ ለሌላ ዳኛ ተመራ፣ ከሰዓት በኋላ ለቅሶ ቤት ተቀምጬ ነበር። ሕጉ ያኔም ነበር። ገንዳ ውሃም ከአባቴ ሌላ ሁለት ዳኞች ነበሩ። እሱ ግን ስሙን ጥርጣሬ ከሚነካው የሚስቱ ወዳጅነት ቢሞት መረጠ።

ለእናቴ ደውዬ ያደረግሁትን ነገርኳት። ከጎኗ አባቴ የከፈተው ዜና ይሰማኝ ነበር።

«ይቻል ኖሯል?» አለች።