ኮሎኔሉ ከቀረሮው ሲወርዱ

ይህ ነገር መጻፍ ይገባዋል ወይ ብዬ ብዙ ቀን አመንትቻለሁ። የአየር ኃይል ኮሎኔል ሕይወት ሲባል አንባቢ የሚጠብቀው የአየር ላይ ውጊያና ሜዳልያ ይመስለኛል። ስለዚያ እኔ የማውቀው የለም። የማውቀው የአጎቴን የበረራ ዘመን የመጨረሻ ሳምንታት ብቻ ነው፤ እነሱንም ያየሁት ከእናቴ ቤትና ከአንድ ዛፍ ሥር ሆኜ ነው። ቢሆንም ያየሁትን ሳላጋንን ለመጻፍ እሞክራለሁ።

አጎቴ የእናቴ ታናሽ ወንድም ናቸው። የተወለዱት ካፋ ውስጥ፣ ከዋጫ ከተማ ወደ ጫካው ሁለት ሰዓት በእግር በሚያስኬድ መንደር ነው። አባታቸው፣ ማለትም አያቴ፣ ዛፍ ላይ ቀፎ እየሰቀሉ ማር በመሸጥ ልጆቻቸውን ያሳደጉ ሰው ናቸው። አጎቴ አሥራ ሁለተኛ ክፍልን ቦንጋ ጨርሰው ለአየር ኃይል ሲመለመሉ አውሮፕላን በቅርብ አይተው አያውቁም ነበር። መጀመሪያ ተዋጊ አብራሪ፣ በኋላ የበረራ አስተማሪ ሆኑ። አዲስ አብራሪ ሲሠለጥን ልጁ ከፊት ይቀመጣል፣ እሳቸው ከኋላ። እዚያ የኋላ ወንበር ላይ ሆነው ነው ኮሎኔልነት የደረሱት።

በመጋቢት አጋማሽ የዓመት ፈቃድ ወስደው ወደ እኛ መጡ። እኔ ያን ጊዜ ቦንጋ የአንደኛ ዓመት የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነበርኩ፤ አሁንም ነኝ። የመጡ ዕለት ቤታችን በጎረቤት ተሞላ።

«ስማ እንጂ ኮሎኔል፣» አሉ ጡረታ የወጡት አስተማሪ ጎረቤታችን፣ «በላያችን አውሮፕላን ባለፈ ቁጥር አንተ ነህ እያልን ስንት ዓመት እጃችንን አውለበለብን!»

«እኔ አይደለሁም ጋሼ፣ የመንገደኛ አውሮፕላን ነው።»

«እንግዲያው ሰላምታችንን መልስልና!»

ሁሉም ሳቀ። አጎቴም ሳቁ። ሲስቁ ግን አንገታቸውን ቀጥ አድርገው እንደያዙ ነበር። ያን ጊዜ የወታደር ደንብ መስሎኝ ነበር።

በሦስተኛው ቀን እናቴ የሳሎኑን አምፖል እንዲቀይሩላት ጠየቀቻቸው። ወንበር ላይ ወጥተው ቀና አሉ። ወዲያው አምፖሉ ከእጃቸው ወድቆ ተሰበረ፤ እሳቸውም እየተንገዳገዱ ወርደው የወንበሩን መደገፊያ በሁለት እጃቸው ጨምድደው ያዙ። ዓይናቸውን የመስኮቱ መቀርቀሪያ ላይ ተክለው አላንቀሳቀሱትም። ግንባራቸው ላብ በላብ ሆነ።

«ምን ተሰበረ?» አለች እናቴ ከጓዳ።

«አምፖሉ አመለጠኝ።»

ሌላ ነገር እንደሆነ ግን አይቻለሁ። ማየቴንም አወቁ። ከሰዓት በኋላ ግቢ ውስጥ ብቻችንን ስንሆን ጠሩኝ።

«ሁለት ወር ሆነው፣» አሉ። «ቀና ስል፣ አልጋ ላይ ስገላበጥ፣ ያለሁበት ቤት ይዞራል። አንድ ደቂቃም አይሞላም፣ ያልፋል። ፈቃድ የወሰድኩትም ባርፍ ይለቀኛል ብዬ ነው።»

«ሐኪም አይቶዎታል?»

«ለሐኪም የነገርኩ ዕለት መብረር አበቃ። በሚያዝያ መጨረሻ ዓመታዊ ምርመራ አለብኝ፤ እስከዚያ ይሻለኛል።»

«አየር ላይ ቢመጣብዎትስ?»

«እስካሁን አልመጣም።» ወደ ቤቱ በር እያዩ «ለእናትሽም ሆነ ለማንም እንዳትናገሪ» አሉኝ።

«እሺ ጋሼ» አልኩ። እኔ ቶሎ እሺ የምል ሰው ነኝ። የእሳቸውን ፎቶ እያየሁ ነው ያደግሁት፤ እምቢ ማለት የሚቻል እንኳን አልመሰለኝም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ግን ክፍል ተቀምጬ አስተማሪው የሚለው አይሰማኝም ነበር። ከፊት የሚቀመጠውን፣ የማላውቀውን ልጅ አስብ ነበር።

ቅዳሜ ከአጎቴ ጋር አያቴን ልንጠይቅ ሄድን። እስከ ዋጫ በሚኒባስ፣ ከዚያ በእግር። አያቴ አዲስ ቀፎ አዘጋጅተው ነበር፤ የሚሰቅልላቸው ጎረቤት ግን እጁን ተጎድቶ ተኝቷል። አበባው ደርሷል፣ ንቡ አይጠብቅም እያሉ ተጨንቀው አገኘናቸው።

«እኔ እሰቅለዋለሁ» አሉ አጎቴ።

አያቴ ፊታቸው በራ። «አልረሳህም?»

«እንዴት ይረሳል!»

አጎቴን አየኋቸው። እሳቸው እኔን አላዩኝም።

ቀፎው የሚሰቀልበት ቀረሮ ቀጥ ያለ፣ ግንዱ ለሁለት ሰው እቅፍ የሚበቃ ዛፍ ነው። አጎቴ ጫማቸውን አውልቀው፣ ገመዱን በግንዱና በወገባቸው አዙረው አሰሩ። ቀፎው የሚሳብበትን ሌላውን ገመድ ትከሻቸው ላይ አደረጉ። አያቴ ዓይናቸው ስለደከመ እኔን ዛፉ ሥር አቆሙኝ። የሚናገሩት በካፊኖኖ፣ በካፋ ቋንቋ፣ ነበር፤ እንዲህ ነው ያሉኝ።

«ላይ ያለው ሰው የሚያየው ዛፉን ብቻ ነው፤ እሱን የምታዪለት አንቺ ነሽ። በእኛ ቤት ታች ያለው ሰው ውረድ ካለ፣ ልጅ ይሁን ሴት፣ ይወረዳል። ክርክር ካለ መሬት ላይ ነው።»

መውጣት ጀመሩ። ገመዱን ወደ ላይ ወርወር ያደርጋሉ፣ ተደግፈው እግራቸውን ያስከትላሉ። እውነቱን ለመናገር ሲያምርባቸው! ከቤት ጣሪያ ከፍ እስኪሉ ድረስ ዓይናቸውን ከግንዱ አላነሱም። ከዚያ ግን ቅርንጫፍ ስለገጠማቸው ገመዱን ለማሻገር ቀና አሉ። እጃቸው ቆመ። ግንዱን አቅፈው ግንባራቸውን ለጠፉበት።

«ምን ሆነ?» አሉ አያቴ።

«ገመዱን እያስተካከሉ ነው» አልኩ። ለምን እንደዋሸሁ አላውቅም። አፌ ቀደመኝ።

ጥቂት ቆይተው እንደገና ቀና አሉ። በዚህ ጊዜ አንድ እግራቸው ከግንዱ ተንሸራተተ፤ የዛፉ ቅርፊት ተልጦ ፊቴ ላይ ረገፈ።

«ጋሼ፣ ይውረዱ!»

«ዝም በይ!» ድምፃቸው የሳቸው አይመስልም ነበር።

«ይውረዱ! ዞሮብዎታል፣ ይውረዱ!»

አያቴ በትራቸውን ግንዱ ላይ መቱ። «ተነገረህ እኮ!» አሉ። «ና!»

ለመውረድ የፈጀባቸው ጊዜ ከመውጫው ይበልጣል። ከአንዱ ርምጃ ወደ ሌላው ዓይናቸውን ጨፍነው ይቆያሉ። መሬት ሲደርሱ ገመዱን ፈትተው ወረወሩት።

«አባቴ ፊት!» አሉኝ። «እሺ ብለሽኝ አልነበር?»

ማልቀስ ጀመርኩ። አያቴ ግን አልቆጡንም፤ «ከመቼ ጀምሮ ነው?» ብለው ብቻ ጠየቁ። አጎቴን ቀድሜ እኔ ተናገርኩ፤ አምፖሉንም ሁለቱንም ወር። አያቴ ራሳቸውን እየነቀነቁ ሰሙ።

«አውሮፕላኑ ላይ ከፊትህ የሚቀመጠው ልጅ ያውቃል?»

«አያውቅም።»

«ታዲያ እሱን ታች ሆኖ ማን ያይለታል?»

አጎቴ ጫማቸውን አጠለቁ። ቀፎው ሣሩ ላይ እንደተጋደመ ወደ ቤት ገባን። የጾም ጎመንና ቆጮ ቀረበ፤ ማንም በወጉ አልበላም። ሰኞ ጠዋት ፈቃዳቸው ሳያልቅ ከቦንጋ ሄዱ። እናቴ በምን አስቀየምኩት እያለች ስትጨነቅ እያየሁ እንኳ ዝም አልኩ።

ፋሲካ አለፈ። አልደወሉም። የሚበርሩ ይሁኑ አይሁኑ የማውቅበት መንገድ አልነበረኝም። የእናቴ ስልክ በጮኸ ቁጥር ሮጬ ደዋዩን አይ ነበር። ምርመራው ላይ የሚያዞርዎት ነገር አለ ወይ ተብለው ሲጠየቁ የለም ካሉ ማን ያውቃል? ከእኔና ከአያቴ በቀር ማንም። በሚያዝያ የመጨረሻ ሳምንት፣ ማክሰኞ ዕለት፣ ከቤተ መጻሕፍቱ ጀርባ ቆሜ ደወልኩ።

«ጋሼ፣ ምርመራው መቼ ነው?»

«ሐሙስ።»

«ለሐኪሞቹ ይነግሯቸዋል?»

«አንቺ ምን አገባሽ? የአንደኛ ዓመት ተማሪ ነሽ፣ ትምህርትሽን ተማሪ።»

«ከፊት የሚቀመጠውም ልጅ ተማሪ ነው።» አልኩ። «ካልነገሩ ለእናቴ እነግራታለሁ። እሷ ደግሞ እዚያው ድረስ ትመጣለች፤ ያውቋታል።»

ስልኩ ተዘጋ። ሁለት ቀን ሙሉ ምን እንዳደረግኩ ብጠየቅ መናገር አልችልም። ያከበርኩትን ሰው ማስፈራራቴ ብቻ ትዝ ይለኛል።

ሐሙስ ዘጠኝ ሰዓት አካባቢ ደወሉ።

«ነገርኳቸው» አሉ።

ስልኩን ወደ ጆሮዬ አስጠጋሁ።

«ከቦንጋ ከተመለስኩ ወዲህ አየር ላይ አልወጣሁም። ጉንፋን ይዞኛል እያልኩ ስሸሽ ነበር። ጉንፋን ስንት ሳምንት ይቆያል?» ትንሽ ሳቁ። «ሐኪሟ አስተኝታ ራሴን ወደ ጎን አዞረችው። ጣሪያው ሲዞርብኝ እሷ ዓይኔን እያየች ነው። የጆሮ ነገር ነው፣ ይታከማል አለች። ተመልሶ ሊመጣ ስለሚችል ግን ከእንግዲህ መብረር የለም። ቢሮ እሠራለሁ።»

«ተቀይመውኛል ጋሼ?»

«ዛሬ አትጠይቂኝ» አሉ። «ስልኩን ለእህቴ ስጪያትና እኔው ልንገራት።»

እናቴ ስልኩን ይዛ ወደ ጓዳ ገባች፤ ለረጅም ጊዜ አልወጣችም። ስትወጣ ዓይኗ ቀልቶ ነበር። «ይህን ሁሉ ሳምንት አብረሽኝ እየበላሽ!» አለችኝ፤ ከዚያ ግን አጠገቤ ተቀመጠች። አጎቴ የበረራ ፈቃዳቸውን ያስረከቡት በዚያው ዕለት ነው፤ ሐሙስ፣ ሚያዝያ 30 ቀን 2017 ዓ.ም.።