የሙዝ ማብሰያ ቤት ኢብሲቶች

ሥራ የገባሁ ዕለት የቀኝ እጄ ከግራ እጄ ሁለት ሳምንት ቀድሞ አረጀ። የሠርጌ ሂና በሁለቱም እጄ ላይ ገና ደማቅ ነበር። አሠሪያችን ኤዶ ሃዋ ሥራውን ልታሳየኝ የሙዝ ሳጥን ከፍታ «ቅሉን ትገልጪና ቶሎ እጅሽን ታወጪያለሽ» አለችኝ። እኔ ከቅሉ የወጣው ብርሃን አምሮኝ እጄን እዚያው ረሳሁት። ሳወጣው ጥፍሬ ረዝሟል፣ ሂናው ጠፍቷል።

«እሰይ፣ ባልሽ ሁለት ሚስት አገኘ! በግራ ሙሽራ፣ በቀኝ አሮጊት!» አለች ዘይነባ፣ የቤቱ አንጋፋ ሠራተኛ። ኤዶ ሃዋ ግን አላባረረችኝም። ጥፍሬን ራሷ ቆረጠችልኝ። ኤዶ በሶማሊኛ አክስት ማለት ነው፤ እኛ ሁላችንም እንደዚያ ነበር የምንጠራት።

ኢብሲቱን ላላያችኋት ልንገራችሁ። ከባቄላ የማትበልጥ ጢንዚዛ ናት፤ ዝናብ ሲዘንብ ከደቻቱ ወንዝ አሸዋ ትወጣለች፤ እኛ ለቅመን ክዳን ባለው ቅል ውስጥ እናኖራታለን። ሆዷ አረንጓዴ ያበራል። ብርሃኗ ያረፈበት ቦታ ላይ ጊዜ ይሮጣል። እናንተ ውጭ አንድ ብርጭቆ ሻይ እስክትጠጡ፣ ሳጥኑ ውስጥ አምስት ቀን ያልፋል። ጥሬ ሙዝ ቢጫ ሆኖ ይወጣል። ሁለተኛ ብርጭቆ ያማራት ሴት ግን ጥቁር ሙዝ ነው የምታወጣው።

ጀማሪ ቅጠል አምጪ ናት፤ ኢብሲቱ ከሁመር ዛፍ ቅጠል ሌላ አትበላም። ከዚያ ሸራ ያዥ ትሆናለች፣ ብርሃኑ እንዳያመልጥ ሳጥኑን የምትሸፍን። የመጨረሻው ማዕረግ ቅል ገላጭ ነው። እኔ ቅጠል አምጪነት ላይ ብዙ ቆየሁ፣ ምክንያቱም ለቅጠል ስወጣ እግሬ ወደ ከዚራ ሰፈር ይወስደኛል፤ የዛፎቹን ጥላ እወዳለሁ። ኤዶ ሃዋ «ሩቂያ ለቅጠል ሄዳ የከተማውን ወሬ ለቅማ መጣች» ትል ነበር።

አንድ ሕግ ነበራት፤ ለሰው አይበራም። ሰው የሚያህል ቦታ ለማብራት ያሉን ቅሎች ሁሉ ያስፈልጋሉ። እንደዚያ ያበራች ኢብሲቱ ደግሞ ትጨልማለች፣ ዳግመኛ አትበራም። ከኤዶ ሃዋ ጋር አራት ሴቶች ነበርን፤ የአራታችንም ቤተሰብ የሚበላው ከዚያ ነበር።

ከዚያ በደርግ ጊዜ የኤዶ ሃዋ አንድ ልጅ፣ ጉሌድ፣ በአፈሳ ተይዞ ሁርሶ ማሠልጠኛ ገባ። እሷ ግን አንድ ቀን እንኳ ሥራ አልቀረችም።

አንድ ቀን ረፋድ ላይ የባቡር ጣቢያው ተሸካሚ ሙሚን እየሮጠ መጣ። «ኤዶ፣ ከሁርሶ ወታደር የጫነ ባቡር እየገባ ነው። ጉሌድ አለበት ብለውኛል። አምስት ደቂቃ ይቆማል፣ ከዚያ ወደ ግንባር ነው።»

ሳጥኖቹ በጥሬ ሙዝ ሞልተዋል፤ ከሰዓት ለጅቡቲ ሊጫን። ኤዶ ሃዋ ሳምቡሳ በፌስታል ጠቀለለች። ዘይነባ ደግሞ ቅሎቹን መሰብሰብ ጀመረች።

«አስቀምጪ! ለሰው አይበራም ብዬ የለ?»

«ሕጉን ስታወጪ ልጅሽ ቤት ነበር» አልኳት እኔ።

«የናንተስ ልጆች ምን ይበላሉ?»

«ነይ እንጂ!» አለች ዘይነባ። «ካልመጣሽ ከሱ ጋር ከሸራው ሥር የምገባው እኔ ነኝ፤ ጉሌድ የኔን ፊት ሲያይ ይዋል!»

ጣቢያው ላይ ወታደሮቹን የሚመራው ሃምሳ አለቃ ጉሌድን አወረደልን። ደግ ሰው ነበር፣ አላህ ይስጠው። «አምስት ደቂቃ ነው፣ እናቴ። አንዲት ሴኮንድ አልጨምርም» አላት።

«አንተ አትጨምር፣ እኛ እንጨምራለን» አለችው ዘይነባ።

እናትና ልጅን መሬት ላይ አስቀምጠን፣ ሙሚንም አግዞን፣ ሸራውን በአራት ማዕዘን ያዝንባቸው። እኔ ቅሎቹን አንድ በአንድ ገለጥኩና ወጣሁ። ቦታው ሲሰፋ ብርሃኑ ይሳሳል፤ አንድ ቀን ቢሆንላቸው ብዬ ዱዓ አደረግሁ። ብርሃኑ በሸራው ቀዳዳ ወጥቶ ጫማዬ ላይ ያርፍ ነበር። ከውስጥ አንድም ድምፅ አልሰማንም፤ ወሬያቸው ለጆሯችን ፈጥኖ አለፈ።

ፊሽካው ሲነፋ ሸራውን አነሳን። ቅሎቹ ጨልመዋል። ሳምቡሳው አልቋል። ጉሌድ ዓይኑን ያሻል፣ ጢሙ አቆጥቁጧል።

«አንተ፣ ጠዋት አልተላጨህም?» አለው ሃምሳ አለቃው።

«ተላጭቼ ነበር፣ ጌታዬ። ትናንት» አለና እናቱን ስሞ ተሳፈረ።

የጅቡቲው ደንበኛ ሙዙ ጥሬ ስለሆነበት ተቆጥቶ ወደ ሌላ ነጋዴ ሄደ። እኛ እስከ ዝናቡ ድረስ ኦቾሎኒ እየቆላን ሸጥን። ጠግበን አልከረምንም፤ ግን ከአራታችን አንዷ እንኳ «ምነው ባላደረግነው» አላለችም። ከእንደዚህ ዓይነት ሴቶች ጋር በመሥራቴ አልሐምዱሊላህ እላለሁ።

ጉሌድ አልተመለሰም። ኤዶ ሃዋ ግን እስክትሞት ድረስ ያን ቀን ስታወራው ኖረች። ጭኗ ላይ ተኝቶ ማንኮራፋቱን፣ ስለ አንዲት ልጅ መንገሩን፣ ሲጋራ በመጀመሩ መጣላታቸውን። «ተጣልተን ታረቅን እኮ!» ትል ነበር እየሳቀች። «በአምስት ደቂቃ ማን ተጣልቶ ይታረቃል?»

ዛሬ ቅል የምትይዙ ልጆች ስለ ሥራው ስትጠይቁኝ የምነግራችሁ አንድ ነገር ነው። ሙዝ ያለ ኢብሲቱም በአምስት ቀን ይበስላል። ባቡር ግን አይጠብቅም። ሰው ከመጣ ሙዙን አቆዩት።