ትኩስ ውሃ የሚጠጣው ደንበኛ

የምሳ ግርግር ጋብ ሲል፣ ናይሮቢ መሃል ከተማ ወዳለው የእህተማርያም ምግብ ቤት አንድ ሰው ብቅ ይላል። እስከ አንገቱ የሚቆለፍ ግራጫ ኮት ይለብሳል፤ ፀሐይ አናት ብትበሳ አንዲት ቁልፍ አይፈታም። ጀርባውን ለግድግዳ ሰጥቶ፣ ዐይኑን በሩ ላይ ተክሎ ይበላል። ከዚያ ትኩስ ውሃ ያዛል፤ ሻይ ቅጠልም ስኳርም የሌለበት። እህተማርያም መጀመሪያ ሆዱን ያመመው መስሏት ዝንጅብል ጣል ልታደርግበት ነበር። ቤጂንግ ዓለም አቀፍ ግንኙነት ይማር እንደነበር፣ ኮቱንም ባዶ ትኩስ ውሃ መጠጣቱንም ከዚያው እንዳመጣው የሰማችው በኋላ ነው።

አንድ ቀን በቻይንኛ የተጻፈ የዓለም ካርታ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋ። ቻይና መሃሉን ይዛለች፤ አፍሪካ ግራ ጠርዝ ላይ ተለጥፋለች።

«ምነው ዳር አወጡን?» አለችው።

«ከእነሱ ቤት ሆነው ሲያዩት እትዬ፣ ዳሮቹ እኛ ነን።»

የኤምባሲ ሰው የሚመስል ክራባት ያሰረ አበሻ ከበሩ ብቅ ሲል ካርታውን አጣጥፎ ኪሱ ከተተ። ሰውየው ቤቱን ቃኝቶ እስኪወጣ ድረስ ብርጭቆው ላይ አቀረቀረ።

«ትምህርቱንስ ጨረስከው?» አለችው።

«መንግሥታት እንዴት እንደሚጣሉ ጨርሼ ነበር። እንዴት እንደሚታረቁ ልንጀምር ስንል ደርግ ለሩሲያ ወግኖ ከቻይና ተቀያየመ። ባስቸኳይ ወደ አገር ግቡ ተባልን። ቀድመውኝ የገቡት ጓደኞቼ እንጽፍልሃለን ብለውኝ ነበር፤ እስካሁን አልጻፉም።»

«ታዲያ እዚህ ምን ትሠራለህ ወንድሜ?»

ብርጭቆውን በሁለት እጁ አቅፎ በሩን አየ።

«የቀረኝን ትምህርት እጠብቃለሁ።»